የልጃችን አወዳደቅ

ባሌ ፍራሹን ከስሬ ሲጎትት ነው የነቃሁት። መጀመሪያ ሕልም መሰለኝ፤ ቀጥሎ የመሬት መንቀጥቀጥ መሰለኝ፤ ዓይኔን ስገልጥ ግን የልጄ አባት በሌሊት ልብሱ ቆሞ፣ የፍራሹን ጫፍ በሁለት እጁ አንቆ ወደ በሩ እየሳበ ነው፤ እኔም ከነብርድ ልብሴ አብሬ እየተሳብኩ። “አንተ ሰውዬ፣ ደህና ነህ?” አልኩት። “ተነሺ፣ ልጁ ዛሬ ይወድቃል” አለኝ። ሌላ አልጨመረም። ድሮም ገና ከእንቅልፉ ተነስቶ ብዙ የሚያወራ ሰው አይደለም፤ ካወራም ስለ ቀለም ነው። እንደገና ሳብ ሲያደርገው ፍራሹ ሄደና እኔ የአልጋው ርብራብ ላይ በመቀመጫዬ ዱብ አልኩ። ለዚህ ነው እንግዲህ የተዳርኩት!

ነገሩ የመጣው ትናንት ምሳ ላይ ነው። የልጃችን ሥራ በገዛ ገላው ነው። ሰዎች “ልጅሽ ምን ይሠራል?” ሲሉኝ “አርቲስት ነው” እላለሁ፤ “ውይ፣ በየትኛው ድራማ?” ይሉኛል። ድራማማ ቢሆን ምን ነበረበት! እሱ ሰው ፊት ይቆማል፣ ይተኛል፣ ባለፈው ዓመት ደግሞ ትልቅ የበረዶ ግግር አቅፎ እስኪቀልጥ ድረስ ተቀመጠ፤ ሰዉ አጨብጭቦ ወደየቤቱ ሲገባ የሳንባ ምቹን ያስታመምኩት እኔ ነኝ። “የሰው ልጅ ምን ያህል ተሰባሪ እንደሆነ ለማሳየት ነው፣ እማ” ይለኛል። ይህንን ለማወቅ በረዶ ማቀፍ ምን አስፈለገ? እናቱን አይጠይቅም? ትናንት ታዲያ ዳቦውን እየቆረሰ፣ የእግር ኳስ ወሬ እንደሚያወራ ሰው፣ “ነገ ሥራዬን የማሳይበት አዳራሽ እስኪዘጋ ሳጥን ላይ እቆማለሁ፤ ጀርባዬን ለሰው ሰጥቼ” አለን። “ሰውነቴ ውደቅ ያለኝ ጊዜ ወደ ኋላ እወድቃለሁ። ከኋላዬ ያለ ሰው ይይዘኛል።” “ሰው ከሌለስ?” አልኩት። ሳቅ ብሎ “ወለሉ አለ” አለ። አባቱ ማንኪያውን አስቀመጠ፣ ተነሳ፣ እጁን ታጠበ፣ ወጣ። ልጄ “ምን ሆነ?” አላለኝም፤ እኔም አልነገርኩትም። እኛ ቤት አንዳንድ ነገር ሲነሳ ሁላችንም ሳህን እናነሳለን።

ባሌ ወድቆ ያውቃል። ቀለም ቀቢ ነበር፤ አንድ ቀን ከፍ ያለ ሕንፃ ሲቀባ መሰላሉ ሸርተት አለ። ከሥር መሰላሉን ይዞ የቆመው የሥራ ባልደረባው፣ እንጀራ አብሮት የቆረሰው ጓደኛው፣ ባሌ ሲመጣበት አይቶ ገለል አለ። በቃ ይኸው ነው፤ ገለል አለ። የባሌ ዳሌ ተሰበረ። ሰውየው ሆስፒታል መጥቶ አልጋው ግርጌ አለቀሰ፤ ከዚያ ወዲህ ዓይኑን አይተነው አናውቅም። እኔ ስረግመው ባሌ “ተይው፣ ከራስ በላይ ነፋስ ነው” ይለኛል እንጂ አንዲት ክፉ ቃል ከአፉ አልወጣችም። ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ ጀርባውን ለማንም አይሰጥም። ካፌ ስንገባ ግድግዳ ያለበትን ወንበር ይመርጣል። ወረፋ ላይ ሰው ከኋላው ሲቆም “እለፍ” ይለዋል፤ ስለዚህ ወረፋችን መቼም አይደርስም። አልጋ ላይ እንኳ ፊቱን ወደ እኔ አዙሮ ስለሚተኛ ለማያውቀው ፍቅር የጠናበት ይመስላል፤ ጀርባውን ለግድግዳው አደራ ሰጥቶ ነው እንጂ! ልጃችን ያኔ ሕፃን ነበር። የአባቱን ዳሌ መሰበር ያውቃል፤ ማን ገለል እንዳለ ግን ለእሱ ያወራለት የለም።

እና ፍራሹን ይዘን ወረድን። የስፖንጅ ፍራሽ ሲያዩት ቀላል ነው፤ ደረጃ ላይ ግን ልክ እንደ ሰካራም ሰው ወዲህ ሲሉት ወዲያ ይወድቃል። እኔ ከፊት፣ እሱ እያነከሰ ከኋላ፤ መቼም ከፊት አይሄድም። ሁለተኛው ፎቅ ላይ ጎረቤታችን ጡረተኛዋ ነርስ በሯን ከፍታ “ምነው፣ ቤት ልትለቁ ነው?” አለችን። “ፀሐይ ልናሰጣው ነው” አላት ባሌ። እሷም ፍራሹን አየችው፣ እኛን አየችን፣ ቀስ ብላ ወደ ውስጥ አንድ እርምጃ ገባችና በሩን ገርበብ አደረገች። “በል እንግዲህ፣ ከዛሬ ጀምሮ ባለ ትኋን ተባልን” አልኩት ወደ ታች ስንቀጥል። “ይበሉና” አለኝ። መንገድ ላይ ያቆምነው የፒክአፕ ሹፌር የሚጠራው ዋጋ የሙሉ ቤት ዕቃ እንጂ የአንዲት ፍራሽ አይመስልም ነበር፤ ሌላ ቀን ቢሆን ባሌ እስከ ምሳ ይከራከረው ነበር፤ ዛሬ ግን “ንዳው” ብቻ አለና ከኋላ ወጥቶ ፍራሹ ላይ ተቀመጠ። እኔ ጋቢና ገባሁ። ሹፌሩ በመስታወቱ እያየው “አባት የት ነው የሚያድሩት?” አለኝ። “ቀን ነው የሚወድቀው” አልኩት፤ ከዚያ በኋላ እስክንደርስ ምንም አልጠየቀኝም።

አዳራሹ ድሮ መጋዘን የነበረ፣ አሁን ነጭ የተቀባ፣ ወለሉ ራቁት ሲሚንቶ የሆነ ቤት ነው። ባሌ ገና ከበሩ ግድግዳውን ቀና ብሎ አይቶ “ሁለተኛውን ቅብ ዘለውታል” አለ፤ በጭንቁም ሰዓት ልማድ አይለቅ። ልጃችን መሀል ላይ ነው። በካናቴራና በቁምጣ፣ ባዶ እግሩን፣ ከፍ ያለ የእንጨት ሳጥን ላይ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ ቆሟል። ከኋላ ሳየው የአንገቱ አጥንት ብቅ ብሎ፣ ጆሮዎቹ ቀይ ሆነው፣ ወይ ልጄ፣ ያ ሁሉ የበላው የት እንደሚገባ እንጃ። ጥቂት ሰዎች እጃቸውን አጣጥፈው ራቅ ብለው ያዩታል፤ ሁለት ተማሪ የሚመስሉ ልጃገረዶች፣ አንድ ካሜራ ያንጠለጠለ ጎልማሳ፣ ሌሎችም። አዳራሹን የምታስተዳድረው ልጅ ፀጉሯን አጭር ተቆርጣ ጥቁር ለብሳለች፤ ከነፍራሻችን ስታየን እየሮጠች መጣች። “አባባ፣ እማማ፣ ይቅርታ፤ ፍራሽ ማስገባት አይቻልም” አለች፣ በሹክሹክታ። ባሌም በሹክሹክታ “ፍራሹም የኔ ነው፣ ልጁም የኔ ነው” አላት። ልጅቷ ክፉ አይደለችም፤ ግራ ገባት። “ሥራው እኮ እሱ ነው፣ አባባ፤ ፍራሽ ካለ ማንም ሊይዘው አይመጣም” አለች። ይህንን ሲባባሉ ልጃችን ሳይዞር፣ ግድግዳውን እያየ፣ “አባዬ፣ ፍራሹን አውጣው” አለ። ድምፁ ቁጣ አልነበረውም፤ ግን አዳራሹ ዕቃ የሌለበት ስለሆነ ሦስት ግድግዳ እየነካ ተመለሰ። ባሌ ፍራሹን ገልብጦ ወደ ግቢው አወጣው።

ጠዋቱን እኔ ስገባና ስወጣ፣ እንደ ሽማግሌ በሁለቱ መሀል ስመላለስ ረፈደብኝ። ባሌ ግቢው ውስጥ ጀርባውን ለአጥሩ ሰጥቶ ፍራሹ ላይ ተቀምጧል። የአዳራሹ ዘበኛ መጀመሪያ “እዚህ ፍራሽ አይቻልም” አለ፤ ቀጥሎ ጫፉ ላይ ተቀመጠ፤ ቀጥሎ ጋደም አለ፤ ብዙም ሳይቆይ ያንኮራፋ ጀመር። አንዲት መንገደኛ በበሩ ብቅ ብላ ዋጋውን ጠየቀች፤ ባሌ “አይሸጥም” ሲላት “ታዲያ ለምን ዘረጋችሁት?” ብላ ተቆጥታ ሄደች። ውስጥ ደግሞ ልጄ ይወድቃል። መጀመሪያ ሲወድቅ ልቤ ቀጥ አለች። ምንም ምልክት የለውም እኮ! ቆሞ ቆሞ፣ ተረከዙ ትንሽ ይላላና ጉማጅ እንጨት ሆኖ ይመጣል። ሰዉ ሁሉ ወደ ኋላ ሸሸት አለ፤ ሁለቱ ልጃገረዶች ብቻ እየጮሁ ሮጠው በብብቱ ያዙት፤ ባለ ካሜራው ቅርብ ሆኖ ሳለ ፎቶውን አነሳ። ልጄም አመሰግናለሁ ሳይል፣ ማን እንደያዘው ዞር ብሎ ሳያይ፣ ተመልሶ ሳጥኑ ላይ ወጣ። ደንቡ እንደዚያ ነው አሉ፤ የያዘህን አታይም። እኔ ምን ደንብ አውቃለሁ፤ ልጃገረዶቹን አንድ በአንድ ሳምኳቸው፣ ባለ ካሜራውን ደግሞ በዓይኔ ገረፍኩት። ወጥቼ “ያዙት” አልኩት ለባሌ። “ማን?” “ሴቶች ናቸው፣ ትንንሽ ልጆች።” “አልሸሹም?” አለኝ። “አልሸሹም።” ከቦርሳዬ ዳቦና እንቁላል አውጥቼ ሰጠሁት፤ ዳቦውን ይዞ ተቀመጠ እንጂ አልበላውም።

የምሳ ሰዓት ሲደርስ አዳራሹ ባዶውን ቀረ። ልጃገረዶቹም ወደ ትምህርታቸው ሄዱ፤ ባለ አጭር ፀጉሯ ልጅም ስልክ ተደውሎላት በጓሮ በር ወጣች። ሰው የለም፤ ልጄ ግን ሳጥኑ ላይ ነው፤ ከኋላው ሰው ይኑር አይኑር አያውቅም፤ ቢያውቅም የሚወርድ ልጅ አይደለም፣ ግትርነቱን ከማን እንዳመጣው ይታወቃል። ሄጄ ከኋላው ቆምኩና ክንዴን ዘረጋሁ። ወዲያው ሞኝነቴ ገባኝ፤ እኔን ራሴን ነፋስ የሚወስደኝ ሴት፣ ያን ግንድ የሚያህል ልጅ ልይዝ! ቢወድቅብኝ ሁለታችንንም በአንድ አንሶላ ነው የሚያወጡን። ተረከዙ ላላ ያለ መሰለኝና ጮህኩ፤ “አንተ! ና! ሰው የለም!” ባሌ እያነከሰ ገባ። ሲሮጥ ካየሁት ስንት ዘመኔ! እኔን በክንዱ ወደ ጎን አደረገና ከልጁ ኋላ ቆመ። ሊቀባው እንደመጣ ግድግዳ ከላይ እስከ ታች አየው፤ አንድ እግሩን ከፊት፣ አንዱን ከኋላ አደረገ፣ እጁን ከፍ አድርጎ ጠበቀ።

ያኔ ሳለ። የቀለም ሳል ነው፤ ከስንት ዓመት ጀምሮ ደረቱ ውስጥ የተቀመጠ፣ መጨረሻው ላይ እንደ አሮጌ የበር ማጠፊያ ሲጥ የሚል። በዚህች ምድር ላይ እንዲህ የሚስል ሌላ ሰው የለም። የልጄ ትከሻ ክርር ሲል አየሁት። የእግሩ ጣቶች የሳጥኑን እንጨት ቆንጥጠው ያዙ። ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ ልጃችን መውደቁን አቆመ።

ሰዉ ከምሳ ተመለሰ፤ አዲስ ሰውም መጣ፤ ጠዋት የነበሩት ለጓደኞቻቸው ነግረው ኖሮ አዳራሹ ሞላ። ሁሉም ይጠብቃል። ልጁ አይወድቅም፤ አባቱም ከኋላው አይነቃነቅም። ወንበር ባመጣለት “አልፈልግም” አለ፤ ውኃ ባመጣለት እጁን ላለማውረድ እኔው በአፉ አጠጣሁት። ሰው ያዛጋል፣ ሰዓቱን ያያል፣ ይወጣል፣ ሌላው ይገባል። ባለ አጭር ፀጉሯ ልጅ መጥታ ጆሮዬ ስር “እማማ፣ ጠዋት እኮ በጣም ጥሩ ይወድቅ ነበር” አለችኝ፣ ልቧ ተሰብሮ። ሳቄ መጣ፤ ደግሞም አሳዘነችኝ። ምን እላታለሁ? ልጁ የአባቱን ዳሌ እየጠበቀ ነው፣ አባቱ የልጁን አናት እየጠበቀ ነው፤ ሲጠባበቁ ሊመሽባቸው ነው! እንዲህ ያለ ፍቅር ሲያዩት ደስ ይላል፤ ሥራ ግን አያሠራም።

ፀሐዩ በመስኮቱ ዘቅዘቅ ሲል ወደ ባሌ ተጠጋሁ። ላቡ በጉንጩ ይወርዳል። “ሳልክ እኮ” አልኩት ቀስ ብዬ። “አውቆሃል።”

“ቢያውቀኝስ?” አለኝ፣ ዓይኑን ከልጁ ሳይነቅል። ቀጥሎ “ገለል ይልብኛል ብሎ ነው?” አለ።

“ኧረ በሞቴ! ማን ነግሮት?”

“ቢጠረጥረኝ እውነቱን ነው” አለኝ። “እኔም ራሴን አላምነውም። ያኔ መሰላሉ ሥር የቆምኩት እኔ ብሆን፣ የሚወድቀው እሱ ቢሆን፣ እኔም ገለል እል ነበር። ያን ሰውዬ ያልረገምኩት ደግ ሆኜ መስሎሻል? ለዚህ ነው ፍራሹን ያመጣሁት። ፍራሽ አይሸሽም።”

አንጀቴን በላው። ይህን ሁሉ ዘመን ጓደኛው ከዳው ብዬ ነው ሳዝንለት የኖርኩት፤ እሱ ለካ በራሱ ላይ ሲፈርድ ነው የኖረው፤ ባላደረገው ነገር። ምን ልበለው? “አትሸሽም” ብዬ ብነግረው አያምነኝም፤ ሚስት ስለ ባሏ የምትለው ነገር ለባሏ ምን ዋጋ አለው። እጄን ክንዱ ላይ ጫን አደረግሁና ትቼው ሄድኩ። በግድግዳውና በሳጥኑ መሀል ገባሁ፤ እዚያ ማንም እንዲገባ አይፈቀድም፣ ባለ አጭር ፀጉሯ ልጅ “እማማ!” ስትል ሰማሁ፤ አልሰማሁም አልኩ። ልጄን ከታች ወደ ላይ አየሁት። ዓይኑን ጨፍኗል፤ ከንፈሩን ነክሶ ከንፈሩ ነጭ ሆኗል።

“አባትህን እንዳትሰብረው ፈርተህ ነው?” አልኩት።

ዓይኑን ሳይገልጥ በአዎንታ ራሱን ነቀነቀ። “ዳሌው፣ እማ” አለ፣ በትንፋሽ። “አስወጪው። በናትሽ አስወጪው።”

“ዳሌውስ ድሮ ተሰብሮ ድሮ ጠግኗል” አልኩት። “ሌላ ያልጠገነ ነገር አለው። አሁን አስወጥቼው ሌላ ሰው ቢይዝህ፣ አባትህ እስኪሞት ድረስ ሰው መያዝ እንደማይችል አምኖ ነው የሚኖረው። ቅድም ስጠራው ሮጦ ነው የመጣው፣ በዚያ እግሩ። ውደቅለት፣ ልጄ።”

ይኸው፣ እናት ሆኜ ልጄን ውደቅ አልኩት። ጉዴን ስሙልኝ! ልጄ ዓይኑን ገለጠና አየኝ፤ ሕፃን ሆኖ መርፌ ሊወጋ ሲል እንደሚያየኝ አየኝ። መልሶ ጨፈነ። ከመሀላቸው ወጣሁና ጎን ላይ ቆምኩ፤ ሰው ምን እንደሆነ ባያውቅም አንድ ነገር እንደመጣ አወቀ። የእግሩ ጣቶች እንጨቱን ለቀቁ። ተረከዙ ላላ። መጣ።

እኔ ልጄን አላየሁትም፤ የባሌን እግር ነው ያየሁት። የግራ እግሩ፣ ደህናው፣ ወደ ኋላ ሄደ። ሄደ አልኩ እኮ፣ በዓይኔ አይቻለሁ፤ አንድ ሙሉ እርምጃ ተነስቶ ከሲሚንቶው ላይ አረፈ፣ ትከሻውም ተከተለው። ከዚያ፣ እንዴት እንደሆነ አላውቅም፣ ያው እግር ተመልሶ መጣ፤ ከእግሩ ጋር ደረቱ መጣ፤ ልጁ ያን ጊዜ ደረሰና ደረቱን ገጨው። ድምፁ ሁለት የሲሚንቶ ከረጢት እንደተጋጨ ነበር። ባሌ በሁለት ክንዱ ቆለፈው። ዳሌው አልቻለም፤ ጉልበቱ ታጠፈ፤ ግን አልጣለውም፤ እየተንሸራተተ፣ እያቃሰተ፣ ልጁን እንዳቀፈ ሲሚንቶው ላይ ቁጭ አለ። የልጁ አናት ወለሉን አልነካም። ጭብጨባ ተጀመረና መሀል ላይ ቀረ፤ ያጨበጨቡት ሰዎች ራሳቸው አፈሩ መሰለኝ፤ ሰው ዞር ዞር ይል ጀመር፣ ጠዋት ፎቶ ያነሳው እንኳ ካሜራውን ወደ ጀርባው አዞረ።

“አባዬ፣ ዳሌህ” አለ ልጄ፤ ደንቡን ረስቶ ዞሮ እያየው ነው። “ልቀቀኝ፣ ልነሳልህ።”

“ቆይ” አለው።

“ይከብድሃል እኮ።”

“ቆይ አልኩህ።” ያን ጎረምሳ፣ ጺም ያወጣውን ልጅ፣ ጭኑ ላይ ታቅፎ አገጩን አናቱ ላይ አስደግፎታል፤ እግሩ ከጭኑ ተርፎ አዳራሹ መሀል ተዘርግቷል። ልጄም ትንሽ ታገለና ተወው፤ ሰውነቱ ሲላላ አየሁ፤ ቀን ሙሉ ሲወድቅ እንኳ እንደዚያ አልላላም ነበር። እኔም ጉልበቴን ይዤ፣ እህህ እያልኩ፣ አጠገባቸው ቁጭ አልኩ። ሲሚንቶው ይበርዳል። ባሌ ፊቱ አመድ መስሏል፤ ከልጁ አናት በላይ አየኝ። ልጁም እየሰማ፣

“አንድ እግሬ ሄዶ ነበር” አለኝ።

“አይቻለሁ” አልኩት። “ተመለሰ እኮ።”